ከተማሪው ጠረጴዛ ላይ፤ የጽሕፈት ዕቃዎች ስሞችና ያዘሉት ታሪክ

በተማሪ ጠረጴዛ ላይ ዘወትር የማይታጡ ዕቃዎች አሉ፤ ደብተር፣ ወረቀት፣ እርሳስ፣ ላጲስ፣ ብዕር። ስማቸውን በቀን ውስጥ ደጋግመን እንጠራለን። ስሙ ስለ ዕቃው ምን እንደሚል ግን ቆም ብለን አንጠይቅም፤ የዕለት ተዕለት ዕቃ ጠባዩ ይኸው ነውና። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ እነዚህን ስሞች መጠየቅ ነው። ጥያቄውም «ከየት መጣችሁ?» በሚለው ብቻ አይወሰንም። የቃልን መነሻ መናገር መዝገበ ቃላት ለያዘ ሰው አስቸጋሪ አይደለም። ይበልጥ የሚያስተምረው ስሙና ዕቃው የማይገጥሙበትን ቦታ መፈለግ ነው። ስም ከዕቃው ጋር አልገጥም ካለ በመካከላቸው አንድ የሆነ ነገር ተፈጽሟል ማለት ነው፤ ያ የተፈጸመው ነገር ደግሞ በዜና መዋዕል ውስጥ ተጽፎ አይገኝም።

ወደዚህ ጉዳይ የገፋፋን የክፍል ውስጥ ልማድ ነው። ተማሪዎች የአንድን ድርሰት ቋንቋ እንዲመረምሩ ሲታዘዙ ብዙውን ጊዜ አንድ ገጽ በሁለት ይከፍሉና በአንዱ ወገን «የራስ ቃል»፣ በሌላው ወገን «ባዕድ ቃል» ብለው ይጽፋሉ። ከዚያም ባዕዱን ይቆጥሩና ደራሲው «ንጹሕ አማርኛ» ጽፏል ወይም አልጻፈም ብለው ይፈርዳሉ። ይህ አሠራር ምን ያህል እንደሚያሳስት ለማየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ተማሪው የሚፈርድበት ደብተር፣ የሚጽፍበት ቀለም፣ ክንዱን ያሳረፈበት ጠረጴዛ ስማቸው ሁሉ በሁለተኛው ዓምድ የሚመዘገብ ነው።

ከእርሳስ እንጀምር። እርሳስ የማዕድን ስም ነው፤ ከባድ፣ ልል፣ በትንሽ እሳት የሚቀልጥ። ተማሪው በጣቶቹ መካከል የያዘው እርሳስ ግን ከዚህ ማዕድን ቅንጣት ታህል የለበትም። በእንጨቱ መካከል ያለው ጥቁር ነገር ግራፋይት ነው፤ ይኸውም ከከሰል ወገን የሆነ የካርቦን ዓይነት። ታዲያ ይህ ስም እንዴት ተሰጠው? በ16ኛው መቶ ዘመን በሰሜን እንግሊዝ፣ ቦሮውዴል በተባለ ሸለቆ፣ እምብዛም ያልተደባለቀ የግራፋይት ክምችት ተገኘ። እረኞች በጎቻቸውን ምልክት ያደርጉበት ነበር ይባላል። ሲጭሩበት ጥቁር መስመር ስለሚተው፣ ከዚያ በፊትም በእርሳስ ማዕድን መስመር ማስመር የተለመደ ስለ ነበረ፣ ያዩት ሁሉ ጥቁር የእርሳስ ዓይነት መሰላቸው። እ.ኤ.አ. በ1779 በስዊድን አገር ይሠራ የነበረው ኬሚስት ካርል ሼለ ነገሩ ካርቦን እንጂ እርሳስ እንዳልሆነ አሳየ። ከ10 ዓመት በኋላም ጀርመናዊው አብርሃም ቬርነር «መጻፍ» ከሚለው የግሪክኛ ግሥ ተነሥቶ ግራፋይት የሚል ስም አወጣለት። እ.ኤ.አ. በ1795 ደግሞ ፈረንሳዊው ኒኮላ ዣክ ኮንቴ፣ አገሩ ከእንግሊዝ ጋር በጦርነት ላይ ስለ ነበረች የእንግሊዙ ግራፋይት ሲታጣ፣ የግራፋይት ዱቄት ከሸክላ አፈር ጋር አብኩቶና በእሳት ተኩሶ ዛሬ የምናውቀውን እርሳስ ሠራ።

ሊቃውንቱ ስሙን አረሙ፤ ሱቁና ትምህርት ቤቱ ግን አላረሙም። ጀርመኖች ዕቃውን እስከ ዛሬ «የእርሳስ ዘንግ» እያሉ ይጠሩታል። ዐረቦችም «የእርሳስ ብዕር» ይሉታል። ረሳስ የሚለው የዐረብኛ ቃል እርሳስ ሆኖ በአማርኛ የማዕድኑም የመጻፊያውም ስም ሆነ። እንግዲህ አንደኛ ክፍል የገባ ሕፃን እርሳሱን ሲቀርጽ፣ የእንግሊዝ እረኞችና ነጋዴዎች ከአራት መቶ ዓመት በላይ በፊት የተሳሳቱትን ስሕተት በአማርኛ እየጠራ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ማለት ይገባል። ግእዝ ለዚሁ ማዕድን የራሱ ስም ነበረው፤ ዐረር ይባላል። አማርኛ ይህን ቃል ሳይወርሰው አልቀረም፤ አረር ዛሬም ይነገራል። ግን አረር በአማርኛ ውስጥ ሥራው ሌላ ሆነ። ሰው «አረር» ሲል ከጠመንጃ አፍ የሚወጣው ጥይት እንጂ ሌላ አይታየውም። ጥይት የሚቀልጠውና የሚፈሰው ከዚሁ ማዕድን ስለ ነበረ ስሙ ከማዕድኑ ወደ ጥይቱ አለፈና እዚያው ቀረ። የቀድሞው ቃል በጦር ሜዳ ስለ ተያዘ ማዕድኑ ራሱ በእንግዳ ቃል መጠራት ግድ ሆነበት ብንል ከእውነት የራቅን አይመስለኝም።

ከእርሳስ ጎን ላጲስ አለ። ይህ ቃል ከሁሉ የሚያስገርም ነው። ላጲስ ከጣልያንኛ የመጣ ሲሆን በጣልያንኛ ትርጉሙ እርሳስ ነው፤ መጻፊያው ማለት ነው። ሥሩ ላቲን ነው፤ በላቲን ድንጋይ ማለት ሲሆን በመጀመሪያ ሠዓልያን ይሥሉበት የነበረውን ቀይ ድንጋይ ያመለክት ነበር። በአማርኛ ግን ላጲስ ጽሑፍን ማጥፊያው ሆነ። የሚጽፈው ዕቃ ስም ለሚያጠፋው ዕቃ ተሰጠ! ቃል ከቋንቋ ወደ ቋንቋ ሲሻገር ትርጉሙ ሊጠብ ወይም ሊሰፋ እንደሚችል በሥነ ልሳን ትምህርት ተምረናል፤ እንዲህ ከነተግባሩ ሲገለበጥ ግን ብዙ ጊዜ አይታይም።

ምክንያቱ ምን ሊሆን ይችላል? በጣልያንኛ ማጥፊያው «ጎማ» ይባላል፤ እኛም ጎማን አውቀነዋል፤ ግን መኪናው ወሰደው። መጻፊያውም በዐረብኛው በኩል በመጣው እርሳስ ተይዞ ነበር። ላጲስ የሚለው ቃል ሲደርስ እንግዲህ የሚቀመጥበት ቦታ ባዶ አልነበረም፤ ባዶ ሆኖ ያገኘው የጎረቤቱን ቦታ ነው። ሁለቱ ዕቃዎች በአንድ እጅ የሚያዙ፣ ብዙ ጊዜም በአንድ እንጨት ላይ የተጣመሩ መሆናቸው ሽግግሩን አቅልሎት ይሆናል። ማጥፊያን ከእርሳስ ጫፍ ጋር አያይዞ መሥራት የቆየ ነገር ነው፤ በአሜሪካ ፊላዴልፊያ ሃይመን ሊፕማን የተባለ ሰው ለዚህ ሥራ የፈጠራ መብት የተቀበለው እ.ኤ.አ. በ1858 ነበር። አንዱን ጫፍ እርሳስ ካልን ሌላውን ጫፍ ላጲስ ለማለት ያለው ርቀት ከአንድ ጣት አይበልጥም።

አንዳንድ ተማሪዎች ላጲስን «ላጠ» ከሚለው ግሥ ሊያወጡት ሲሞክሩ ሰምቻለሁ። ብራና ላይ የተሳሳተ ጽሑፍ በቢላዋ እየተፋቀ ይጠፋ ስለ ነበረ ነገሩ አይናቅም ብለውም ተከራክረውኛል። ክርክሩ ብልኃት አለው። ነገር ግን ቃሉ የሚጻፍበት ፊደል ራሱ ይቃወማል። «ጰ» የሚለው ድምፅ በእኛ ቋንቋ የእንግዳ ቃላት ምልክት ነው፤ ጳጳስ፣ ጰራቅሊጦስ፣ ጴጥሮስ፣ ጠረጴዛ። የቀድሞ ሊቃውንት የግሪክኛውን ድምፅ በዚህ ፊደል ይጽፉት እንደ ነበረ ሁሉ የቅርብ ዘመን ጸሐፊም ጣልያንኛውን በዚሁ ጻፈው።

አሁን ያልነው ነገር፣ ማለትም እንግዳ ቃል ቦታው ተይዞ ሲያገኘው ወደ ጎረቤት ዕቃ ይዞራል የሚለው ሐሳብ፣ ለላጲስ ብቻ የተሰፋ ልብስ እንዳይመስል ወደ አንድ እጅግ የቆየ ቃል እንሂድ። ቀለም ነው። በግሪክኛ «ካላሞስ» ሸምበቆ ማለት ነው፤ ሸምበቆው ተቀርጾ ስለሚጻፍበትም ብዕር ማለት ሆነ። በዐረብኛ «ቀለም» እስከ ዛሬ ድረስ ብዕር ነው። ዐረቡ «ቀለም ስጠኝ» ሲል የሚፈልገው መጻፊያውን ነው። በአማርኛ ግን ቀለም ብዕሩ የሚነከርበት ፈሳሽ ነው። ቃሉ ከበትሩ ወደ ፈሳሹ ተሻገረ። ለምን? ግእዝ ለመጻፊያው የራሱ ቃል ነበረዋ፤ ብርዕ። ትርጉሙም በትክክል ያው ነው፤ አገዳ፣ ሸምበቆ። በአማርኛ ፊደላቱ ቦታ ተለዋውጠው ብዕር ሆኗል። ሸምበቆው በሸምበቆ ስም ተይዟል ማለት ነው። ለፈሳሹ ደግሞ ግእዝ የነበረው ስም «ማየ ሕመት» ነው፤ የጥቀርሻ ውሃ እንደ ማለት። የሁለት ቃል ጥምር ስለ ሆነ ለዕለት ሥራ አይመችም። አንድ አጭር እንግዳ ቃል መጣና ቦታውን ወረሰው።

ቀለም ከዚያ በኋላ የሄደበት መንገድ ግን ከየትም የተቀዳ አይደለም፤ የራሳችን ነው። ጥቁሩ ቀለም ከጥቀርሻ ይዘጋጃል፤ ቀዩ ለቅዱሳን ስም፣ ለአርእስትና ለመግቢያ ይውላል። ከዚህ ከጥቁርና ከቀይ ተነሥቶ ቀለም የማንኛውም ነገር መልክ ሆነ፤ የግድግዳ፣ የልብስ፣ የሰማይ። በሌላ በኩል በቀለም የሚጻፈው ትምህርት ራሱ ቀለም ተባለ። «ቀለም ይገባዋል» የተባለ ልጅ ብልህ ነው፤ «የቀለም ትምህርት» ከእጅ ሙያ የተለየው ነው። በምድር ላይ ተተክሎ ቀለም የሚይዘው ቀንድም ወደ ሰው ተሻገረ፤ «የቀለም ቀንድ» ሲባል ትምህርቱ የጠለቀ ሊቅ ማለት ነው። ከሁሉ በላይ እኛን የሚመለከተው ሌላው ትርጉም ነው። የግጥምን ቤት ስንለካ የምንቆጥረው ቀለም ነው። «ይህ ስንኝ ስንት ቀለም አለው?» ብለን ስንጠይቅ ፈሳሹንም መልኩንም አናስብም፤ በአንድ ትንፋሽ የሚወጣውን የድምፅ ክፍል እንቆጥራለን። በግሪክ ወንዝ ዳር የበቀለ ሸምበቆ በአማርኛ ውስጥ የግጥም መለኪያ ሆነ። ይህን ቃል «ባዕድ» በሚለው ዓምድ ሥር የጻፈ ተማሪ ስለ ቃሉ ልደት እውነቱን ተናግሯል፤ ስለ ዕድሜው ግን ምንም አልተናገረም።

የብራናም ነገር ከዚህ አይለይም። ብራና ከማለት የበለጠ አገርኛ የሚመስል ቃል ምን አለ? ቃሉ ግን «ሜምብራና» ከሚለው ላቲን ቃል የወጣና በግሪክኛ በኩል ወደ ግእዝ የገባ ነው። የዕቃው ስም ከውጭ መጣ ማለት ግን ሥራው ከውጭ ተገዛ ማለት አይደለም፤ ይህን መለየት በጣም አስፈላጊ ነው። የፍየል ቆዳ ነክሮ፣ በእንጨት ወጥሮ፣ ሥጋውንና ጠጉሩን ፍቆ፣ በድንጋይ አልፎ፣ አድርቆ መጻፊያ ማድረግ እዚሁ የተሠራና የዳበረ ሙያ ነው። በዐድዋ አጠገብ በአባ ገሪማ ገዳም የሚገኙት ወንጌላት በራዲዮካርበን ተመርምረው ከ4ኛው እስከ 7ኛው መቶ ዘመን ባለው ጊዜ ውስጥ የተጻፉ መሆናቸው ታውቋል። ሥዕል ካላቸው የወንጌል መጻሕፍት መካከል በዓለም ላይ እጅግ ጥንታውያን ከሚባሉት ወገን ናቸው። ብራና የሚለው ስም ከሁለተኛው ዓምድ ይውጣ ብለን ስንወስን የሚወጣው እንግዲህ ይህ ሁሉ ነው።

ወደ ደብተር እንለፍ። ደብተር የዐረብና የፋርስ «ደፍተር» ነው፤ የሒሳብ መዝገብ፣ የግብር መዝገብ። የነጋዴና የጸሐፊ ዕቃ ስለ ነበረ በነጋዴው መንገድ መጣ። «ደፍተር» ራሱ ግን የተወለደው «ዲፍቴራ» ከሚለው የግሪክኛ ቃል ሲሆን ትርጉሙ የተለፋ ቆዳ ነው፤ ከወረቀት በፊት በቆዳ ይጻፍ ነበርና። ይኸው የግሪክኛ ቃል ቀደም ባለ ዘመን በሌላ በር ወደ ግእዝ ገብቶ ነበር፤ በዚያን ጊዜ ግን የመጣው መጻፊያ ሆኖ አይደለም። የመጻፊያውን ቆዳ ብራና ይዞታል። ስለዚህ ወደ ሌላው የቆዳ ሥራ ዞረ፤ ድንኳን ሆነ። ደብተራ ድንኳን ነው፤ የሙሴ ድንኳን «ደብተራ ኦሪት» የሚባለው ለዚህ ነው። በድንኳን ቤተ ክርስቲያን የሚያገለግለውም ሊቅ በድንኳኑ ስም ተጠራ፤ ዜማ፣ ቅኔና አቋቋም የሚያውቀው ደብተራ። ደብተር የያዘ ተማሪና ደብተራ እንግዲህ የአንድ ቆዳ ልጆች ናቸው። አንዱ በሰሜኑ በር በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት በኩል፣ ሌላው ከብዙ መቶ ዓመታት በኋላ በባሕር በር በሱቅ በኩል ገቡ። ሲገናኙም አልተዋወቁም።

ብዙ በር ያገኘ ሌላም ቃል አለ፤ በአጭሩ ብቻ እንጥቀሰው። የግሪክኛው «ኻርቴስ» ከግብፅ ደንገል የሚሠራው መጻፊያ ነበረ። በመጽሐፍ በኩል ክርታስ ሆኖ ገባ። በጣልያንኛ በኩል ካርታ ሆኖ ገባ፤ የአገር ሥዕልም መጫወቻም ሆነ። ካርቶንና ካርድም ከዚያው ቤት ናቸው። ከእነዚህ ሁሉ ግን ዛሬ የምንጽፍበትን ቦታ የያዘ የለም። እሱን የያዘው ወረቀት ነው፤ የዐረብኛ ቃል ሲሆን ቅጠል ማለት ነው። ወረቀት ወደ አገራችን የገባበትን ወገን ስሙ ይመሰክራል። የሐረር እስላማዊ መጻሕፍት ከቀድሞም በወረቀት የተጻፉ ናቸው፤ በሰሜኑ ብራና እየተፋቀ በነበረበት ጊዜ በምሥራቁ ወረቀት ይገለጥ ነበር። በ19ኛው መቶ ዘመን የነገሥታት ደብዳቤዎች ውስጥ «ወረቀት» የሚለው ቃል ደብዳቤን ራሱን ያመለክታል። ይህን የማያውቅ ተማሪ ንጉሡ ወረቀት ላኩ ሲባል ባዶ ወረቀት የተላከ ይመስለዋል።

ከዕቃዎቹ ሥር ያለውን ጠረጴዛ ብዙ አንቆይበትም። የግሪክኛው «ትራፔዛ» ባለ አራት እግር ማለት ነው። ገንዘብ መንዛሪዎች ገንዘባቸውን የሚዘረጉት በእሱ ላይ ስለ ነበረ በዛሬ ግሪክኛ ቃሉ ባንክ ማለት ነው፤ አቴና ሄዶ ጠረጴዛ የጠየቀ ሰው ወደ ባንክ ቢመሩት አይግረመው።

ወንበር ግን ብዙ ያናግራል። ይህ ቃል በየትኛውም በር አልገባም፤ ከቤት የተወለደ ነው። በግእዝ ነበረ ማለት ተቀመጠ ነው። መንበር መቀመጫ፣ ዙፋን፣ በቤተ መቅደስም ታቦት የሚያርፍበት ነው። «መ» ወደ «ወ» ተለውጦ ወንበር ሆነ። ግሡ ራሱ ደግሞ በአማርኛ ከመቀመጥ ተነሥቶ ወደ ያለፈ ጊዜ ሄደ፤ «ነበር» ሆነ። ለስልሶ ሲነገርም «ኖረ» ወጣ፤ ከእሱም ኑሮ። «ወንበሩ እዚህ ነበር» የምትል ተራ ዓረፍተ ነገር አንድ ሥር ሁለት ጊዜ ተጠቅማለች። ወንበር ሥልጣንም ነው። በቀድሞው ሥርዐት በችሎት የተቀመጡት ዳኞች ወንበሮች ይባሉ ነበር። በአብነት ትምህርት ቤት መምህሩ «ወንበር ዘረጋ» ከተባለ ማስተማር ጀመረ ማለት ነው፤ ምናልባት የሚቀመጠው በመደብ ላይ ሊሆን ይችላል። ሊቀ መንበር የሚለው ማዕርግ በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ በየስብሰባው፣ በየማኅበሩ፣ በየቀበሌው ሲጠራ የሰማ ትውልድ ከዚያ በፊት መንበር የታቦት እንደ ነበረ ለማሰብ ጊዜ አልነበረውም። አገርኛ ቃል እንኳ ባለበት ቁጭ ብሎ እንደማይኖር ለማየት ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አያስፈልግም።

ከተማሪው ጀርባ ያለው ጥቁር ሰሌዳም ቢጠየቅ መልስ አለው። ሰሌዳን ከግሪክኛው «ሴሊስ» ጋር የሚያዛምዱት አጥኚዎች አሉ፤ ሴሊስ የመጽሐፍ ዓምድ ወይም ገጽ ነው። ዝምድናው ከጸና አሁንም ያንኑ ነገር እናያለን። የመጽሐፉን ፊት የራሳችን ገጽ ስለ ያዘው ሰሌዳ ከመጽሐፉ ወጥቶ በእንጨቱ ላይ፣ በግድግዳው ላይ፣ በመጨረሻም በመኪናው ፊትና ኋላ ተለጠፈ።

እንዲህ ያለ ጥናት የሚጣፍጠውን ያህል አደገኛ ነው። ድምፁ የተመሳሰለ ሁሉ ዘመድ እየመሰለ ያሳስታልና። አንባቢ አሁን በእጁ የያዘውን ነገር ስም እንውሰድ፤ መጽሔት። ብዙዎቻችን ጽሑፍ፣ ጽሕፈት፣ መጽሐፍ ከሚሉት ጋር አንድ አድርገን እንሰማዋለን። መጽሔት ግን በግእዝ መስተዋት ነው። ለኅትመት ስምነት የመረጡት ሰዎች ፊት የሚታይበትን ዕቃ ማሰባቸው ነው። «ጽ»ን እና «ሐ»ን ብቻ አይቶ ከጽሕፈት ያዛመደው ሰው ጥሩ ምሳሌ አምልጦታል። ስለዚህ ተማሪ መዝገበ ቃላትን ሳይገልጥ ስለ ቃል መነሻ ባይጽፍ ይመረጣል። የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» በ1948 ዓ.ም. ከደቀ መዝሙራቸው ከደስታ ተክለ ወልድ እጅ ወጥቶ ታትሟል፤ የተሰማ ሀብተ ሚካኤል «ከሣቴ ብርሃን» በ1951፣ የደስታ የራሳቸው «ዐዲስ ያማርኛ መዝገበ ቃላት» በ1962 ዓ.ም. ወጥተዋል። ቮልፍ ሌስላው ግእዝን ከሌሎች ሴማዊ ቋንቋዎች ጋር ያነጻጸረበት መዝገበ ቃላት ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1987 ታትሟል። አራቱ ሁልጊዜ አይስማሙም። ባልተስማሙበት ቦታ ላይ መቆም ለአንድ የመመረቂያ ጽሑፍ በቂ ርእስ ነው፤ እስካሁን ከሚቀርቡልን ብዙ ርእሶችም የተሻለ ነው ብዬ አምናለሁ።

በድርሰት ምርመራ ላይ ያለውን ጥቅም በተመለከተ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ስለ መቼት ስንጽፍ ዘመኑንና ቦታውን እንናገራለን፤ ዕቃዎቹን ግን እንደ ቤት ማስጌጫ እናልፋቸዋለን። አንድ ገጸ ባሕርይ በክርታስ ጻፈ፣ ሌላው በወረቀት፣ ሦስተኛው በደብተር ሲባል ደራሲው ሦስት ዓለም ከፍቶልናል፤ የመጽሐፍ ቤቱን፣ የቤተ መንግሥቱንና የነጋዴውን፣ የዘመናዊ ትምህርት ቤቱን። ደራሲው ራሱ ይህን አስቦ ላይጽፈው ይችላል። ቃሉ ግን በመንገዱ ያነሣውን አቧራ ይዞ ነው የሚገባው። የቃላቱን ልደት ብቻ በሁለት ዓምድ የሚቆጥር ምርመራ ይህንን ሁሉ በአንድ ሥር ጨፍልቆ «ባዕድ፤ 3» ብሎ ያልፋል።

ዛሬ በተማሪው ጠረጴዛ ላይ አንድ የተጨመረ ዕቃ አለ፤ ስልክ። ቃሉ የዐረብኛ ሲሆን ክር፣ ሽቦ ማለት ነው። የቴሌፎን ነገር በምኒልክ ዘመን ሲገባ ሕዝቡ የሚያየው ከእንጨት ወደ እንጨት የተዘረጋውን ሽቦ ስለ ነበረ ዕቃው በሽቦው ተጠራ። የሚሰማው ድምፅ ደግሞ የቤተ ክርስቲያንን ደወል ስለሚመስል ጥሪው «መደወል» ሆነ። አሁን ሽቦውም ደወሉም የሉም። «ገመድ አልባ ስልክ» ስንል ሽቦ የሌለው ሽቦ ማለታችን ነው፤ ማንም አይስቅም። ተማሪው የጓደኛውን ደብተር መገልበጥ ሲሰለቸው በዚሁ ስልክ ፎቶግራፍ ያነሣዋል፤ ያነሣውንም በአንድ ማኅደር ውስጥ ያኖረዋል።

ማኅደር «ኀደረ» ከሚለው የግእዝ ግሥ የወጣ ነው፤ ማደሪያ ማለት ነው። ከቆዳ የተሰፋ፣ ማንገቻ ያለው የመጽሐፍ ቤት ሲሆን መጽሐፉ ሲነበብ ውሎ ማታ የሚያድርበት ነበር። ከዚያ የመሥሪያ ቤት ፋይል ስም ሆነ፤ ቀጥሎም የኮምፒዩተሩ። በየገዳማቱ ግን የቆዳው ማኅደር ዛሬም መጽሐፉን እንደ ያዘ ከግድግዳው ችካል ላይ ተሰቅሏል።